የአባ ትንፋሽ ዕድገት

በልብስ ማጠቢያ ድርጅቱ ውስጥ እውነተኛ ስሙን የሚያስታውስ የለም፤ ሁሉም አባ ትንፋሽ ይሉታል። ሃያ አንድ ዓመት እንፋሎት የሚያፈልቀውን ቦይለር ሲያነድ ኖሮ፣ ማሽኑ ሲታመም የግፊት መለኪያውን ጌጅ ሳያይ በድምፁ ያውቃል። ሚስቱ ከቦይለሩ ግድግዳ ማዶ፣ ከሰባት ሴቶች ጋር አንሶላ ትተኩሳለች። "የእኔን ኩርፊያ በሦስተኛው ቀን ነው የሚያውቀው፤ የቦይለሩን ግን ገና በሩን ሳይከፍት" እያለች ሴቶቹን ታስቃቸዋለች።

ከሦስት ወር በፊት የቦይለሩ መሐንዲስ ሥራ ለቀቀ። ምትክ ሳይፈለግለት ለአባ ትንፋሽ የዕድገት ደብዳቤ ደረሰው፤ ከደረጃ ስድስት ወደ ደረጃ ስምንት፣ ሲኒየር የቦይለር ኦፕሬተር። ደስ አለው፤ ለምን አይለው? የሥራ ዝርዝሩ ግን አብሮ አልመጣም። "ይላካል" አሉት። በዝርዝሩ ፋንታ የመጣው ቅጽ ነው፤ ቦይለሩ ተፈትሾ ደህና ነው ተብሎ የሚፈረምበት፣ እስከዚያ ድረስ መሐንዲሱ የሚፈርመው ቅጽ።

ደህና አልነበረም። እንፋሎት ሲበዛ በራሱ ተከፍቶ የሚያስተነፍሰው ሴፍቲ ቫልቭ ተጣብቋል፤ ግፊቱ ካለፈ ቦይለሩ ሊፈነዳ ይችላል። ማንሻውን በሁለት እጁ ቢስበው ንቅንቅ አላለም። ሁለት ጊዜ አመለከተ፤ ሥራ አስኪያጁ ጆሮ ዳባ ልበስ አለ። ቦይለሩን ማስቆም የመሐንዲሱ ሥልጣን ነበር፤ ያለ ፈቃድ ያቆመ ኦፕሬተር ይባረራል። እንግዲህ ጉዱን እዩልኝ፤ የመሐንዲሱን ፊርማ ሰጡት እንጂ ሥልጣኑን አልሰጡትም። እሱም ግፊቱን ከአራት ባር ላለማሳለፍ እሳቱን ቀንሶ፣ ዓይኑን ከጌጁ ሳይነቅል ይውላል። ምሳውን የሚበላው ቆሞ ነው።

ለሚስቱ የነገራት ግማሹን ብቻ ነው። "ፈርም ይሉኛል፤ አልፈርምም አልኳቸው።"

"አንተ ሰው፣ ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል ይባላል፤ አንተ ገና ሳትበላ ልትሻር ነው እኮ!" ብላ ሳቀች፤ ወዲያው ሳቋ ጠፋ። "ሁለታችንም የምንኖረው በዚሁ ድርጅት ደመወዝ ነው። ብትፈርም ምን አለበት?"

ምን እንዳለበት ሊነግራት አሰበ። ብትሰማ ነገ እዚያ ግድግዳ አጠገብ እንዴት ቆማ ትውላለች? ሆድ ይፍጀው አለ። መደበቁ ጥፋት መሆኑን ያውቀዋል።

ማክሰኞ ጠዋት ሥራ አስኪያጁ ቢሮ አስጠራው።

"አዲስ ደንበኛ ይዘናል። ግፊቱ ዛሬውኑ ስምንት ይግባ፣ ቅጹም ይፈረም። ደረጃውን ወስደህ ሥራውን አልሠራም ማለት ምን ማለት ነው?"

"ጌታዬ፣ ሥራዬ ምን እንደሆነ በጽሑፍ ይሰጠኝ ነው ያልኩት። ደንባችንም ዕድገት ያገኘ ሠራተኛ ዝርዝሩ ይሰጠው ይላል። ሦስት ወር ሙሉ ለመንኩ።"

"እሺ ይበልጣል ከሺ" አለችው የሰው ኃይል ኃላፊዋ። "ይፈርሙና ይገላገሉ፣ ጋሼ።"

"የለም፣ አሁኑኑ ስጪው!" አለ ሥራ አስኪያጁ። "ከዚያ በኋላ እምቢ ካለ ማሰናበቻውን ጻፊለት።"

ኃላፊዋ ማንም ገልጦት የማያውቀውን የደረጃ ስምንት ዝርዝር ከመዝገብ ቤት አስመጣች፤ ቀን ጻፈችበት፣ ማኅተም መታችበት፣ ማንበብ ጀመረች። አንድ፣ ኦፕሬተሮችን ይቆጣጠራል። ሁለት፣ የዕለት መዝገብ ይይዛል። ሦስት፣ ቦይለሩን ፈትሾ ይፈርማል።

"ሰማህ?" አለ ሥራ አስኪያጁ።

የአባ ትንፋሽ ሃያ አንድ ዓመት በአንድ መስመር ሊያልቅ ነው።

"አራት" አለች ኃላፊዋ። "ለሰው ሕይወት አስጊ ሆኖ ያገኘውን ቦይለር፣ የማንንም ፈቃድ ሳይጠብቅ..." ድምፅዋ ዝቅ አለ። "...ወዲያውኑ ያቆማል።"

"ከመቼ ጀምሮ ነው የሚሠራው፣ የኔ ልጅ?" አለ አባ ትንፋሽ።

"ከዛሬ።"

ወረቀቱን ተቀብሎ ወጣ። ከኋላው ሲጮሁበት አልዞረም። ቦይለር ክፍል ሲገባ ድምፁን ሰማና ክው አለ፤ ጌጁ ስድስት ተኩል ላይ ነው።

"ግፊቱን የጨመርኩት ከላይ ታዝዤ ነው" አለው ተረኛው ባልደረባው።

ነዳጁን ዘጋ። የጌጁ መርፌ አልወረደም። ወደ መተኮሻው ክፍል ሮጠ። "ውጡ! ሁላችሁም ውጡ!"

ሴቶቹ ግቢ ውስጥ ቆመው እያሉ መርፌው ወደ ስድስት፣ ወደ አምስት ወረደ። አባ ትንፋሽ ይህን አይቶ ከቦይለር ክፍሉ ወጣና ለሚስቱ ስለተጣበቀው ቫልቭ ነገራት፤ ሙሉውን።

"ከመቼ ጀምሮ ነው የምታውቀው?"

"ከዛሬ ሦስት ወር ጀምሮ።"

"ሦስት ወር ሙሉ እዚያ ግድግዳ ሥር ስቆም?"

ሥራ አስኪያጁ እያለከለከ ደረሰ። "ማን ፈቅዶልህ ነው ያቆምከው?"

አባ ትንፋሽ ወረቀቱን ዘረጋለት። ለእሱ የሚመልሰው ነበረው። ሚስቱ ግን አሁንም ዓይን ዓይኑን እያየች መልስ ትጠብቃለች።