ከደቅ ወደብ እስከ ኦክላንድ ወደብ

ከደቅ የወጣሁ ሌሊት መርከቡ ዘገየ። መቼም የጣና መርከብ ሲመጣ ነው የሚመጣው፤ ሰዓት የሚጠይቅ እንግዳ ብቻ ነው። ወደቡ ላይ ከፍየሉና ከማንጎው ጋር አደርን። እናቴ ጋቢዋን ለሁለታችን ጣል አድርጋ፣ ነገ እንደምመለስ ሁሉ፣ ስለ ጌሾው ታወራኝ ነበር። ጎህ ሲቀድ መርከቡ ደረሰ። ወጣት የሚታፈስበት ጊዜ ስለነበር ቶሎ ገብቼ ከጆንያዎቹ መሀል ተሸጎጥኩ። እጄን እንኳ አላውለበለብኩላትም። እሷ ግን መርከቡ ከዓይኗ እስኪጠፋ ቆማ፣ “ልጄ በመርከብ ተሳፍሮ ወደ እኔ እስኪመጣ ይህን ውሃ አልሻገርም” ብላ ራሷን በሥላሴ ገዘተች። ይህን የሰማሁት ሱዳን ከገባሁ በኋላ ነው።

ብራዚሉን፣ ጫካውን፣ ድንበሩን አልደግመውም፤ ብዙዎቻችሁ ከእኔ በላይ ታውቁታላችሁ። የጥገኝነት ኢንተርቪው ላይ የሆነውን ግን ልንገራችሁ። ጠያቂዋ “ከቤትህ በምን ወጣህ?” አለችኝ።

“በመርከብ።”

ኮምፒውተሯን አየች። “ኢትዮጵያ የባሕር በር የላትም እኮ።”

“የላትም። ሐይቅ አላት። ሐይቁ ውስጥ ደሴት አለ፣ ደሴቱ ላይ ቤታችን አለ።”

“መርከቡ ያንተ ነበር?”

“የእኔ ቢሆን እዚህ ምን አመጣኝ?”

አስተርጓሚው ሳቁን በሳል ሸፈነው። ብቻ ወረቀቱን ሰጡኝ። ሸሽተህ ወደ ወጣህበት አገር ከተመለስክ ግን ወረቀትህ አደጋ ላይ ነው ተባልኩ። ማግኘቴ ደስ አለኝ፣ ደስታዬም በዚያው ሰዓት ጎመዘዘኝ።

ኦክላንድ ያለ ሐበሻ አብዛኛው መኪና ይነዳል። እኔም ሞከርኩት፤ ሃይዌይ ላይ ቆሞ መጠበቅ ያቁነጠንጠኛል። ሳን ሆዜ ሄድኩ፣ ተመለስኩ፣ ቤት ቀየርኩ፣ እግሬ አላርፍ አለ። በመጨረሻ ሰው በሚያሻግረው መርከብ፣ በፌሪው ላይ ገመድ የሚያስር ደክሃንድ ይፈለጋል ሲባል ሰምቼ አመለከትኩ።

“የጀልባ ልምድ አለህ?” አለኝ ቀጣሪው።

“ታንኳ እቀዝፍ ነበር። ከደንገል የተሠራ።”

“ደንገል ምንድን ነው?”

“ውሃ ዳር የሚበቅል ሣር ነገር።”

“ሣሩ ውሃ አያስገባም?”

“ያስገባል። ከዚያ አውጥተን ፀሐይ ላይ እናሰጣዋለን።”

እስኪያነባ ስቆ ቀጠረኝ።

የዚህ አገር ፌሪ ሰዓቱን አይስትም። ተሳፋሪው ግን ስልኩን እያየ ገብቶ ስልኩን እያየ ይወርዳል። በእኛ መርከብ እኮ ጎርጎራ ሳይደረስ ሰው ይዛመዳል፣ ዳቦ ይቆረሳል፣ ልጅ ለልጅ ይታጫል! ሐምሌ ደግሞ እዚህ በጋ ነው ሲሏችሁ እንዳትሸወዱ፤ ጉሙና ንፋሱ አጥንት ይገባል።

እግዜር ይስጠውና ሬይ የሚባል ሽማግሌ ባልደረባ አለኝ። አያቱ እዚሁ ውሃ ላይ የእንፋሎት መርከብ እሳት ያነድ ነበር። ድልድዮቹ ሳይሠሩ ሰውም ፈረስም መኪናም የሚሻገረው በእነዚያ መርከቦች ነበር ይለኛል፤ ጭሳቸው ከጉሙ ጋር ይቀላቀል ነበር አሉ። ድልድዩ ሲመጣ ገሚሱ ተሸጠ፣ ገሚሱ ጭቃ ውስጥ ቀረ። እኔም አያቴ ለጣናው የጭስ መርከብ እንጨት ፈልጦ ያቀርብ ነበር ይባላል ብዬ ነገርኩት።

“እንግዲያው አያቶቻችን ባልደረቦች ነበሩ” አለኝ።

አንድ ቀን በሩቅ የምትታየውን ኤንጅል ደሴት አሳየኝ። ድሮ በውቅያኖስ መርከብ የመጡትን እስያውያን ስደተኞች በትንሽ የእንፋሎት ጀልባ ወደዚያች ደሴት እያሻገሩ ያቆዩአቸው ነበር። መርማሪዎቹ ቃላቸውን ለመፈተን የቤታችሁ በር ወዴት ይዞራል፣ ጎረቤታችሁ ማን ነው እያሉ ይጠይቋቸዋል። ከተማውን በመስኮት እያዩ የሚያሻግራቸውን ጀልባ ይጠብቃሉ። ከዚያ ወዲህ ያቺን ደሴት ባየሁ ቁጥር እናቴ ትመጣብኛለች።

ዘንድሮ ዓይኗን ሞራ ጋረደው። ሞራ የሚገፉ ሐኪሞች ለዘመቻ ባሕር ዳር መጡ፤ ሳምንቱ ሲያልቅ ይሄዳሉ። እሷ ውሃውን አልሻገርም አለች። የንስሐ አባቷ “እኔ እፈታሻለሁ” ቢሏት፣ “አባ፣ የተገዘትኩት በሥላሴ ነው እንጂ በእርስዎ ነው?” አለቻቸው።

በዘመቻው የመጨረሻ ቀን፣ እዚያ ሲነጋ እዚህ ሲመሽ፣ የአክስቴ ልጅ ሙሉ ከደቅ ወደብ ደወለ። ኔትዎርክ ያለው እዚያ ብቻ ነው። “ሞተር ጀልባው ሊነሣ ነው። ድንጋይ ላይ ቁጭ ብላ እምቢ ብላለች። እስቲ አንተ ንገራት” ብሎ ሰጠኝ። እኛ ከሳን ፍራንሲስኮ ወደ ኦክላንድ እየተመለስን ነበር።

“እማዬ፣ በሞቴ ተሳፈሪ።”

“በሞቴ አትበለኝ። የት ነህ?”

ያን ጊዜ ካፒቴኑ ጥሩምባውን ነፋ።

“የመርከብ ድምፅ ነው?”

“አዎ።”

“መርከብ ላይ ነህ?”

“መርከብ ላይ ነኝ።”

“ወደዚህ ነው?”

የኦክላንድ ወደብ ክሬኖች እየቀረቡ ነበር። ሬይ ገመዱን ይዞ በዓይኑ ይጠራኛል። ዓይኗን አሰብኩ።

“አዎ፣ እማዬ” አልኳት።

እልልታዋ ጆሮዬን ሰነጠቀው። ሙሉ “ቀስ፣ ቀስ” ሲላት፣ ሰው ሲደግፋት፣ ጣውላው ሲንቋቋ ሰማሁ። ከዚያ ስልኩን መልሳ ያዘችው።

“እንግዲያው ባሕር ዳር ወደቡ ላይ ቁም። እኔ አላይህም፤ አንተ ቀድመህ ጥራኝ።”

“እማዬ፣ ስሚኝ...” አልኩ። ሞተሩ ጮኸ፤ ከወደቡ ሲርቁ ኔትዎርኩ ጠፋ። በአንድ እጄ ገመዱን ይዤ ደግሜ ደወልኩ።