የማርማላታው ቀማሽ

ሐሙስ፣ ነሐሴ 5 ቀን 2003 ዓ.ም. ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ላይ፣ ጠመንጃ ያዥ ሰፈር በነበረው ግቢያችን ውስጥ አንድ ትልቅ ብረት ድስት ሙሉ ኮክ እሳት ላይ ተጣደ። ስኳሩ በቅቶት እንደሆነ ቀምሶ መናገር የሚችል ሰው በግቢው ውስጥ አንድ ብቻ ነበር። ሃያት ትባላለች። አራት ዓመቷ ነበር።

ቀኑን ከትዝታ አይደለም የጻፍኩት። አባቴ የሆቴል ምግብ አብሳይ ስለነበር በየጠርሙሱ ላይ ቀን ጽፎ የመለጠፍ ልማድ ነበረው፤ የዚያን ቀን ከለጠፋቸው ወረቀቶች አንዱ ዛሬም ቤታችን አለ። ሰዓቱን ግን ከራሴ ነው የምናገረው። አሥራ ሁለት ዓመቴ ነበር፤ በዚያ ፍልሰታ አንድም ቀን ሳላጓድል እስከ ዘጠኝ ሰዓት ለመጾም ወስኜ ስለነበር በየሩብ ሰዓቱ ብቅ እያልኩ የግድግዳውን ሰዓት አይ ነበር።

ልጅ እያለሁ ክረምት ማለት ለኔ የኮክ ሽታ ነበር። ግቢያችን የሁለት ቤት ግቢ ነበር፤ በአንዱ እኛ፣ በሌላው ልብስ ሰፊዋ እትዬ ዘምዘም ከትንሿ ልጃቸው ከሃያት ጋር። የኮኩ ዛፍ የቆመው በሁለቱ ቤቶች መሃል ስለነበር ማን እንደተከለው ማንም አያውቅም፣ የማን እንደሆነም ማንም አይጠይቅም። ትምህርት ቤት ከተዘጋ በኋላ እኔና የሰፈሩ ልጆች ሥሩ ሰኞ ማክሰኞ እየተጫወትን፣ ሳይበስል እየቀጠፍን፣ ሆዳችንን ሲቆርጠን ማታ ማታ እየተቆጣን እንከርማለን። ከኛ የተረፈውን አባቴ በሐሙስ የዕረፍት ቀኑ ማርማላታ ይሠራዋል። ማርማላታ ጾም ላይ ዳቦ ብቻውን እንዳይበላ የሚያደርግ ትልቅ ነገር ነበር። ቅቤ የለ፣ እንቁላል የለ፤ ማርማላታ ግን አለ።

የዚያን ዓመት ግን ማንም ቀጥፎ አልጨረሰውም። ረቡዕ ለሐሙስ አጥቢያ በረዶ የቀላቀለ ዝናብ ወርዶ ያለውን ሁሉ አራገፈው። ጠዋት ስንነሳ ጭቃው ላይ የበሰለውም ጥሬውም ተበትኖ፣ ግማሹ ቆስሎ፣ ግቢው በሙሉ ይሸታል። የተመታ ኮክ አያድርም። ወይ በዚያው ቀን ይሠራል፣ ወይ ይጣላል።

«ጋሽ መኮንን፣ ይህን ሁሉ ፀጋ ለዝንብ ልንተወው ነው?» አሉ እትዬ ዘምዘም፣ ነጠላ ጫማቸው ጭቃው ውስጥ እየቀረ።

«ስኳሩ ነዋ ችግሩ ዘምዘም» አለ አባቴ። «የኔ ብቻ ላይበቃው ይችላል።»

የዚያን ጊዜ ልጅ የነበረ ሰው ይህን አይረሳውም። ስኳር ከሱቅ እንደልብ አይገኝም ነበር። በየወሩ ከሸማቾች ሱቅ ደጅ ተሰልፈን የቤታችንን ድርሻ በፌስታል እናመጣለን፤ ካለቀ የሚቀጥለውን ወር መጠበቅ ነው።

እትዬ ዘምዘም ገብተው የራሳቸውን ፌስታል ይዘው ወጡ። አንዴም አልተፈታም። «ይኸው። ግን መጀመሪያ የእርስዎ ይለቅ፣ ከኔ የሚተርፈውን ያትርፉልኝ። ለዒድ እናቴ ከደሴ ትመጣለች። ቤቴን አይታው አታውቅም። እሷ ደግሞ ስኳሩን ነው የምትጠጣው፤ ሻዩ ማሟሚያ ነው።»

አባቴ ሳቀ። ፌስታሉን ግን በሁለት እጁ ተቀብሎ፣ እንደ አደራ ዕቃ ከፍ ካለ ቦታ፣ ከመስኮቱ ደፍ ላይ አስቀመጠው።

ሥራው እንዲህ ነበር። ኮኩን የፈላ ውሃ ውስጥ ነክረን እናወጣዋለን፤ ልጣጩ በጣት ሲገፉት እንደ ካልሲ ይወልቃል። ፍሬውን አውጥተን፣ የቆሰለውን ቆርጠን እንጥላለን። ከዚያ ባሕር ዛፍ የሚነድበት ምድጃ ላይ ይጣድና አባቴ በረጅም ማማሰያ ሳያቋርጥ ያማስላል። መጠንከሩን የሚያውቀው በሰሃን ነው። ሰሃኑን ደጅ ዝናብ ላይ አውጥቶ ያቀዘቅዘዋል፤ አንድ ጠብታ ያንጠባጥብበትና በጣቱ ገፋ ያደርገዋል። ጠብታው ከተሸበሸበ ደርሷል፣ ከፈሰሰ ገና ነው። ለዚህ ዓይን ይበቃል። ለስኳሩ ግን ምላስ ያስፈልጋል፤ በተለይ ግማሹ ጥሬ በሆነበት ዓመት። ስኳሩ ካነሰው ደግሞ ለእንቁጣጣሽ ሳይደርስ ይሻግታል።

ምላስ አልነበረንም። በዚያ ዓመት ፍልሰታና ረመዳን ተደራርበው ነበር። እኛ እስከ ዘጠኝ ሰዓት፣ እትዬ ዘምዘም እስከ መግሪብ። እናቴ ሥራ ቦታዋ ሜክሲኮ አደባባይ ሄዳለች፤ ብትኖርም ጾመኛ ነች። አባቴ ሰባት ሰዓት ላይ ቅዳሴ መድረስ ስላለበት ድስቱን እስከ ዘጠኝ ማቆየት አይታሰብም።

«ቀምሶ መትፋት ይቻላል የሚሉ አሉ» አሉ እትዬ ዘምዘም ድስቱን ከሩቅ እያዩ። «እኔ ግን ይህን ነገር ከምላሴ ላይ መልሼ የምተፋበት ጉልበት የለኝም።»

ያኔ ነው ሁላችንም ወደ ሃያት የዞርነው። የኮክ ፍሬ በጭቃ እየቀበረች ትጫወት ነበር።

አባቴ በአሥር ኩባያ ስኳር ጀመረ። ለእያንዳንዱ ኩባያ አንድ የኮክ ፍሬ ግንቡ ላይ እንድደረድር ነገረኝና ደረደርኩ። ከዚያ በማንኪያ ጨልፎ፣ ቀዝቃዛው ሰሃን ላይ አብርዶ፣ ለሃያት ሰጣት። ሃያት ማንኪያውን እስከ እጀታው ላሰችው።

«ጣፈጠ የኔ ቆንጆ?»

አሰበች። «አልጣፈጠም።»

ሁለት ኩባያ ተጨመረ። ግንቡ ላይ ሁለት ፍሬ ጨመርኩ። እንደገና ማንኪያ፣ እንደገና ሰሃን።

«አሁንስ?»

«አልጣፈጠም።»

«ጥሬው ነው» አለ አባቴ ላቡን እየጠረገ። «ጥሬው ነው ያኮመጠጠው።» ሁለት ኩባያ ደገመ። ሽታው ይህን ጊዜ ሌላ ነገር ሆኗል፤ ድስቱ ወርቅማ አረፋ እየደፈቀ፣ እንፋሎቱ ከጣሪያው ቆርቆሮ ሥር ተከማችቶ፣ በባዶ ሆዴ ላይ ይወርዳል። ምራቄን እየዋጥኩ ዋጥኩት ተብሎ ጾሜ ይፈርስ እንደሆነ እጨነቅ ነበር።

ሃያት አራት ጊዜ ቀመሰች፤ አራቱንም ጊዜ አልጣፈጠም አለች። ግንቡ ላይ አሥራ ስምንት ፍሬ ሲሞላ የኛ ፌስታል ባዶ ሆነ። አባቴ እጥፍ አድርጎ ኪሱ ከተተው። አምስተኛዋ ማንኪያ መጣች።

«አልጣፈጠም» አለች ሃያት፣ አገጯ ላይ የወረደውን በምላሷ እያሳደደች።

አባቴ እትዬ ዘምዘምን አየ። እትዬ ዘምዘም የመስኮቱን ደፍ አዩ። ከዚያ ራሳቸው ፌስታሉን አውርደው ቋጠሮውን ፈቱት። የመጀመሪያው ኩባያ ገባ። አሥራ ዘጠነኛዋን ፍሬ አስቀመጥኩ። እትዬ ዘምዘም ሁለተኛውን ኩባያ ሲሞሉ ፊታቸውን አየሁት፤ ቅድም ሲቀልዱ የነበሩት ሴትዮ አይደሉም። ከንፈራቸው እየተንቀሳቀሰ ነበር። ዒድ ድረስ ስንት ቀን እንደቀረው እየቆጠሩ መሰለኝ።

«ቆይ አባዬ» አልኩ። «አምና አሥራ ሁለት ነው የፈጀው።»

«አምና ጥሬ አልነበረውም ማሂ።»

«አውቃለሁ። ግን አንዴ ቆይ።»

ከእትዬ ዘምዘም ኩባያ ቆንጠር አድርጌ ስኳሩን መዳፌ ላይ አደረግሁና ሃያት ፊት ተንበረከክሁ። ሌላ ምንም የሌለበት፣ ነጭ ስኳር። ላሰችው። መዳፌን እስክትጨርስ ጠበቅኳት።

«ይሄስ ጣፈጠ?»

«አልጣፈጠም» አለችና አፏን ከፍታ ጠበቀችኝ።

አባቴ ማማሰያውን ተደግፎ መሳቅ ጀመረ፤ ሳቁ አላቆም ብሎት እንባው ወረደ። እትዬ ዘምዘም «አንቺ ቀጣፊ! አያትሽን ያለ ሻይ ልታስቀሪያት!» ብለው ልጃቸውን ሊቆነጥጡ ሄዱና አቅፈዋት ተመለሱ። ኩባያውን ግን መልሰው ፌስታሉ ውስጥ ገለበጡት።

ነገሩ ግን አላለቀም። ሃያት እንደማትታመን አረጋገጥን እንጂ ድስቱ ምን ምን እንደሚል አሁንም አላወቅንም። አባቴ ማማሰሉን ሊያቆም አይችልም። «ውጪና የሚቀምስ ሰው ፈልጊ» አለኝ።

ቀላል ትእዛዝ አይደለም። በኛ ሰፈር በፍልሰታ ሰውን «ና ቅመስልን» ማለት «እንደማትጾም አውቃለሁ» ማለት ነው። በሩ ላይ ጎማ የሚጠግነው ሳሚ ያረጁ ጎማዎቹ ላይ ተቀምጦ ነበር። ሃያ ዓመት ቢሆነው ነው። እናቱ በፍልሰታ ቅዳሴ የማይቀሩ፣ በሰፈሩ የታወቁ ጾመኛ ናቸው። ቀረብ ብዬ ችግራችንን በሹክሹክታ ነገርኩት።

«እኔ?» አለ መንገደኛው ሁሉ እንዲሰማ። «ሆ! እየጾምኩ እኮ ነው! ማዘርን ጠይቂያት!»

ቱታው ደረት ላይ የቦምቦሊኖ ፍርፋሪ ነበር። ፍርፋሪውን አየሁት። እሱም አየው። ከዚያ እርስ በርስ ተያየን።

«ማሂዬ» አለ ድምፁን ቀንሶ፣ ደረቱን እያራገፈ። «አንቺ አራዳ ነሽ አይደል?»

«ነኝ።»

«በጓሮ በኩል እመጣለሁ። ማንም እንዳያየኝ።»

በጓሮ በኩል መጣ። አባቴና እትዬ ዘምዘም ሲያዩት ምንም አልጠየቁም። ማንኪያውን አዘጋጅቼ ስሰጠው ሁለቱም፣ ሳይነጋገሩ፣ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ። ኋላ የሳሚ እናት ቢጠይቋቸው አላየንም ማለት እንዲችሉ ነው። አባቴ አንድ እጁን ወደ ኋላ ዘርግቶ ማማሰሉን አላቋረጠም።

«እንዴት ነው?» አለ ለግድግዳው።

«ይበቃዋል ጋሼ» አለ ሳሚ ለአባቴ ጀርባ። «እንኳን ሊጨመርበት፣ ይሄ ጥርስ ይነቅላል።»

«እርግጠኛ ነህ?» አሉ እትዬ ዘምዘም ከግድግዳው ዓይናቸውን ሳያነሱ። «እስቲ እናቴ ትሙት በል።»

«ኧረ እትዬ! እሷ እንዳትሰማ ብዬ አይደል በጓሮ የመጣሁት!»

እትዬ ዘምዘም ፌስታሉን ሁለት ጊዜ ቋጠሩት። አባቴ ቀዝቃዛዋን ሰሃን አስመጣና ጠብታውን ገፋ አደረገው፤ ተሸበሸበ። አምስት ሰዓት ተኩል ላይ ድስቱ ወረደ። ስምንት ጠርሙስ ሞላን፣ ቀን ጻፍን፣ ለጠፍን። አባቴ እጁን ታጥቦ ነጠላውን አጣፍቶ ወደ ቅዳሴ ሄደ።

ከቅዳሴ ሲመለስ፣ ከዘጠኝ ሰዓት በኋላ፣ ትኩስ ዳቦ ላይ ቀብቶ መጀመሪያ ለኔ ሰጠኝ። በልጅነቴ ከበላሁት ሁሉ ያቺን ዳቦ የሚያክል የለም። ጣፋጭነቱ ከሚገባው በላይ እንደነበር ግን መካድ አልችልም። ማታ እትዬ ዘምዘም በቴምር አፍጥረው ቀጥለው ቀመሱትና በመስኮት በኩል «ልጁ እውነቱን ነው! ጥርስ ይነቅላል!» ብለው ጮኹ። አባቴ ድምፃቸውን እንዲቀንሱ በእጁ ለመናቸው።

በማግስቱ ጠዋት ለሳሚ እናት አንድ ጠርሙስ ወሰድኩላቸው። ወደ ራሳቸው ዕቃ ገልብጠው ባዶውን ጠርሙስ አጥበው ሲመልሱልኝ መረቁኝና «ሳሚዬ እንኳ ገና አልቀመሰውም፤ ዘጠኝ ሰዓት እስኪሆን ደብቄለታለሁ» አሉኝ። አንገቴን ነቀነቅሁ።

የእትዬ ዘምዘም እናት ለዒድ መጡ። ቀጭን፣ ረጅም፣ ድምፃቸው ጎላ ያለ አሮጊት ነበሩ። ሻይ ሳቀርብላቸው ስኳሩን ቆጠርኩ፤ በአንድ ብርጭቆ አምስት ማንኪያ። ሦስት ብርጭቆ ጠጡ። እትዬ ዘምዘም አጠገባቸው ተቀምጠው ማሰሮ ሙሉ ወርቅ እንዳላቸው ሰው «ጨምሪላት ማሂ፣ ጨምሪላት» ይሉኝ ነበር። አሮጊቷ ከዚያ በኋላ አዲስ አበባ አልመጡም። የልጃቸውን ቤት ያዩት ያን ጊዜ ብቻ ነው።

ግቢያችን ከጥቂት ዓመታት በኋላ ለልማት ተነሳ። ኮኩ የነበረበት ቦታ አሁን መኪና ማቆሚያ ነው፤ ሄጄ አይቻለሁ። እኛም እነ እትዬ ዘምዘምም ልደታ ኮንዶሚኒየም ነን፤ በመሃላችን ሁለት ሕንፃ አለ። በመስኮት መጮህ ስለማይቻል እንደዋወላለን። ሳሚ የራሱ ጎማ ቤት አለው። ይህን ልጽፍ ነው ብዬ ፈቃድ ስጠይቀው ትንሽ አሰበና «ማዘር መነጽሯ ተሰብሯል፤ ሳይጠገን ቶሎ ጻፊው» አለኝ።

ባለፈው ነሐሴ፣ በፍልሰታ፣ ከሜክሲኮ ስመለስ አንዲት ሴት በሳፋ ኮክ ስትሸጥ አየሁና ሁለት ኪሎ ገዛሁ። ሰሃኑን የሚያቀዘቅዘው አሁን ፍሪጅ ነው። ምድጃው ኤሌክትሪክ ስለሆነ ልብሴ ጭስ ጭስ አይልም፣ ኮሪደሩ ግን በኮኩ ሽታ ተሞላና ጎረቤት ምንድነው ብሎ በር አንኳኳ። አባቴ ወጥ ቤቱ በር ላይ ወንበር አስቀምጦ ማማሰያው ሲዘገይብኝ «ከሥሩ፣ ከሥሩ» ይለኛል። እሱም እኔም ጾመኞች ነን። ረመዳን ግን ካለፈ ወራት ሆኖት ስለነበር ለሃያት ደወልኩላት። ፋርማሲ ትማራለች፤ የጥናት ደብተሯን እንደያዘች መጣች።

በሁለት ኩባያ ስኳር ጀመርኩ። ማንኪያውን አብርጄ ሰጠኋት።

ሃያት አራት ጊዜ ቀመሰች። አራቱንም ጊዜ አልጣፈጠም አለች።