የጭሰኛው ላብ የማን ነው?

ሸዋዬ ክንዱን ሰላም ሲሏት «ምን ፈልገው ነው?» ትላለች ብለው ያሟታል። ቢያሟትም ሐሰት አይደለም። ለነገሩ በሰባ ሦስት ዓ.ም. ባሕር ዳር ውስጥ ማን ማንን ያምን ነበርና ነው በሷ የሚፈረደው? ባል ለሚስቱ፣ ወንድም ለእህቱ አፉን ይቆጥብ በነበረበት ዘመን፣ የሰው ወረቀት ስትመታ የምትውል ሴት ብትጠራጠር ምን ይደንቃል!

የዱርቤቴ ልጅ ናት። አባቷ ክንዱ ርስት የሌለው ጭሰኛ ነበር፤ መሬት ላራሹ ሲታወጅ ሳያይ ሞተ። እሷ አክስቷ ዘንድ ባሕር ዳር አድጋ፣ አሥረኛ ክፍል ጨርሳ፣ ታይፕ ተምራ በመምህራን ኮሌጁ በጸሐፊነት ተቀጠረች። እጇ ፈጣን ነው፤ ሌላው ግማሽ ገጽ ሳያደርስ እሷ ሁለተኛውን ወረቀት ታጎርሳለች፣ ለጽሕፈት መኪናዋ ማለቴ ነው።

ጥርጣሬዋም በከንቱ አልመጣም። ሁለት ዓመት አይሞላውም፣ አብራት የምትሠራው ሙሉነሽ አንድ ጧት ጠረጴዛዋ ላይ መንግሥትን የሚሰድብ ወረቀት አገኘች። ምስኪን፣ ደንግጣ ቀድዳ ጣለችው። ለካ ያስቀመጠው ካድሬው ራሱ ኖሯል፤ ታመጣለች ወይስ ትደብቃለች ብሎ ሊፈትናት! ሐሙስ ከሰዓት ሠራተኛው ሁሉ በሚሰበሰብበት የውይይት ክበብ አስነሥቶ ግለ ሂስ አስደረጋት። «አይቼ ባለማሳወቄ አብዮቱን በድያለሁ» እያለች አነባች። እንባዋም አላዳናት። ሁለት ወር ታስራ ስትወጣ እንጀራዋ ተዘግቶ ጠበቃት፤ አሁን ዓሣ ገበያው ዳር ጎመን ትቸረችራለች። ከዚያ ወዲህ ሸዋዬ ለራሷ ሕግ አወጣች። የሚመታ ወረቀት እንጂ የሚነበብ ወረቀት የለም።

ይህ ሕግ መምህር ወልደ ሐዋርያት እስኪመጡ ድረስ ጸና።

እሳቸው የቆላ ድባ ሰው ናቸው። ቅኔ ቤት ቆይተው፣ ኋላ አስኳላ ገብተው፣ ባሕር ማዶ ተምረው የተመለሱ፣ ጋቢያቸውን ከኮት በላይ የሚደርቡ ሰው። «ሸዋዬ፣ ይችን በሦስት ቅጂ ምቺልኝ እስቲ» ብለው የእጅ ጽሑፍ አመጡላት። ከሦስት መቶ ዓመት በፊት የነበረ አንድ እንግሊዛዊ ፈላስፋ ስለ ዕውቀት፣ ስለ መንግሥትና ስለ ንብረት ያስተማረውን የሚመረምር ጥናት ነው፤ አዲስ አበባ በመምህራን ጉባኤ ሊያነቡት።

ታዲያ የየኔታ ቤት ልማድ አልለቀቃቸውም። በዚያ ቤት የባለጋራ ቃል መጀመሪያ ሙሉ በሙሉ ይቆማል፤ ራስ እንደሚያምንበት ተደርጎ፣ ተውቦ ይነገራል፤ መልሱ የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው። የሰው ነገር ሳያቆሙ መምታት ነውር ነው ይላሉ። እሳቸውም የሰውየውን ትምህርት በሦስት ክፍል አሳምረው ጽፈው፣ መልሱን ለአራተኛው አቆይተውት ነበር። አራተኛው ገና እየተጻፈ ነው። ሸዋዬ ይኸን በምን ትወቅ!

አንደኛው ክፍል ክፉ አልነበረም። ሕፃን ሲወለድ ልቡናው ያልተጻፈበት ወረቀት ነው፤ የሚጽፍበት ያየውና የቀመሰው ነው ይላል። ሁለተኛው ላይ ግን ጣቷ ቆመ። መንግሥት የሕዝብ አደራ ነው፤ አደራውን ከበላ ሕዝቡ መልሶ ይወስድበታል ይላል። ኧረ በማርያም! ቀና ብላ በሩን አየች፣ ከዚያ ጎንበስ ብላ ጨረሰችው። አንዱ ቅጂ በጽሕፈት ክፍሉ ደንብ ቁም ሳጥን ገባ፣ ሁለቱን መምህሩ ወሰዱ።

በሦስተኛው ክፍል፣ አላነብም ያለችው ሴት ቁጭ ብላ አነበበች። ስለ ንብረት ነው፣ ስለ መሬት፣ ስለ ላብ። መምህሩ ሊወስዱት ሲመጡ አፏ አመለጣት።

«መምህር፣ አንድ ነገር ልጠይቅዎ?»

«ጠይቂ እንጂ።»

«ሰውየው ላብህን ያፈሰስህበት ያንተ ነው ይላል። ዝቅ ብሎ ደግሞ አሽከር ያጨደው ሣር የጌታው ነው ይላል። አባቴ ዱርቤቴ ላይ ሃያ ዓመት ጫካ መንጥሮ፣ ድንጋይ ለቅሞ አረሰ። መሬቱ የጌታው፣ ከእህሉም እኩሌታው የጌታው ነበር። እንግዲያ የአባቴ ላብ የማን ነበር?»

መምህር ወልደ ሐዋርያት ወንበር ስበው ተቀመጡ። «ይኸን ከማን ሰማሽው?» አሏት።

«ከማንም። ስመታው ታየኝ።»

«ግሩም! ግሩም!» አሉና ከኪሳቸው ማስታወሻ አውጥተው ያለችውን ቃል በቃል ጻፉት። «የአባትሽ ስም ክንዱ ነው አይደል? የየትኛው ቀበሌ ሰው ነበሩ? ጌትየውስ ማን ይባል ነበር?»

ሸዋዬ ፊቷን ወደ መኪናዋ መለሰች። የጸሐፊን ወሬ በማስታወሻ የሚጽፍ ምን ዓይነት መምህር ነው? የአባት ስም፣ የአባት አገር የሚጠይቅ ማን ነው? እንደ ሙሉነሽ! አደራ የበላ መንግሥት ምናምን ብሎ ጽፎ ሰጣት፤ ዝም አለች። ሁለት ሳምንት ዝም አለች! ይኸው አሁን ደግሞ ያፏን ቃል መዝግቦ ሄደ። በምሳ ሰዓት ምሳዋን ትታ ወደ ጣና ዳር ወረደች። ደንገሉ መሐል ታንኳ የሚያስሩ ሰዎች ነበሩ፤ እነሱንም ጠርጥራ ራቅ ብላ ቆመች። ፈተና ነው። ዛሬ ካላሳወቀች ሐሙስ ተነሥታ የምታለቅሰው እሷ ናት።

ቁም ሳጥኑን ከፍታ የሁለተኛውን ክፍል ቅጂ ይዛ ካድሬው ጓድ አካሉ ቢሮ ገባች።

«መምህር ወልደ ሐዋርያት ናቸው ያስመቱኝ። ሳላሳውቅ እንዳልቀር ብዬ ነው» አለች። ፈገግ ብሎ «ጎበዝ፣ ፈተናውን አለፍሽ» እንዲላት ጠበቀች።

አካሉ ከንፈሩን እያንቀሳቀሰ አነበበ። መሐል ላይ ሲደርስ ፊቱ ተለወጠ። ተነሥቶ በሩን ዘጋ።

«መቼ ነው ይኸ የተጻፈው? ሌላ ማን አይቶታል?»

አያውቅም! ሰውየው ምንም አያውቅም! ፈተና የሚባል ነገር አልነበረም። ሸዋዬ የወንበሩን ጠርዝ ያዘች።

«አንቺስ አንብበሽዋል?»

«ኧረ እኔ ምን ገዶኝ! እመታለሁ እንጂ መች አነባለሁ።»

«እሱ ነው ያተረፈሽ» አላት።

በማግስቱ ረቡዕ መምህሩ ምንም ሳይሰሙ እየሳቁ መጡ። አሥራ አንድ ገጽ የእጅ ጽሑፍ ጠረጴዛዋ ላይ አኖሩ። «የመጨረሻው ክፍል ይኸው። ሙግቱን የረታሽው አንቺ ነሽ፣ አንብቢውና ታይዋለሽ።»

እሳቸው ወንበር ስበው ሲጠብቁ አነበበችው። የፈላስፋው ነገር ሁሉ በዚያ ክፍል ተመትቶ ወድቋል። ላብ ባለቤት ያደርጋል ያለ ሰው የጭሰኛውን ላብ ለጌታው ሰጠ፤ አደራም ሲል የባለመሬቱን አደራ እንጂ የክንዱን አላሰበም ይላል። መሬት ላራሹን ያመሰግናል። አካሉ ቢያየው መምህሩን ይተዋቸዋል፣ እንዲያውም ያጨበጭብላቸዋል። ግን በመጀመሪያው ገጽ «ጥናቱን በታይፕ ስትመታ አንብባ ይኸን ያስተዋለች፣ ብዙ ሊቃውንት ያለፉትን ያየች፣ የጽሕፈት ባልደረባችን ሸዋዬ ክንዱ ናት» ይላል። ያን ገጽ ቀድዳ እንዳትጥል ክንዱ በየገጹ አለ፤ ሙግቱ የቆመው በሱ ላይ ነው። በዕድሜዋ እንዲህ ብሎ ያከበራት ሰው አልነበረም። ደስም አላት፣ ፈራችም።

«መምህር...» አለች።

«አቤት?»

ንገሪያቸው! አሁን ብትነግሪያቸው ምን አለ! «ምንም። ቅዳሜ ይደርስልዎታል» አለች።

ሐሙስ አዳራሹ ጢም አለ። አካሉ የአደራዋን ገጽ ድምፁን ከፍ አድርጎ አነበበና «ሕዝቡ ከማን ነው መልሶ የሚወስደው ጓድ? እስቲ ንገረን!» አለ፤ በአባቱ ዕድሜ ያሉትን ሰው አንተ እያለ።

መምህሩ ተረጋግተው ተነሡ። «ቃሉ የሰውየው እንጂ የኔ አይደለም። እኔ መልሱን ጽፌያለሁ፤ የመጨረሻው ክፍል ላይ አለ።»

«የታል?»

«ሸዋዬ ዘንድ ነው። ትናንት ሰጠኋት።»

የሰው ዓይን ሁሉ ወደሷ ዞረ። ወረቀቱ ጭኗ ላይ ካለው ቦርሳ ውስጥ ነበር።

«ጓድ ሸዋዬ፣ የመጨረሻ ክፍል የሚሉት ነገር ደርሶሻል?»

እጇን ቦርሳው ላይ ጫነች። አዎ ብትል አንብባለች፤ ማንበብ ብቻ አይደለም፣ አስባበታለች። አካሉን ዋሽታለች። ዓሣ ገበያው ዳር ከሙሉነሽ አጠገብ ቦታ አይታጣም።

«አልደረሰኝም» አለች።

መምህር ወልደ ሐዋርያት አዩዋት። ቢቆጡ፣ ቢረግሟት በተሻላት። ግንባራቸውን አሻሹ።

«ልክ ናት» አሉ። «የተሳሳትሁት እኔ ነኝ። እሰጣለሁ ብዬ አስቤ ኖሮ... እርጅና ነው። ገና አልጻፍሁትም። ይች ልጅ የምትመታውን አታነብም፤ እሷን ተዋት።»

ያን ዕለት ወሰዷቸው። ሰባት ወር ታሰሩ። ሲለቀቁ ማስተማሩ ቀረና የቤተ መጻሕፍቱን መደርደሪያ እንዲያስተካክሉ ተመደቡ፤ ጥርሳቸው ሁለት ጎድሏል፣ ሳቃቸው ግን ያው ነው። አንድ ቀን የመጻሕፍት ዝርዝር ሊያስመቱ ወደ ጽሕፈት ክፍሉ ብቅ አሉ።

«እንዴት ከረምሽ ሸዋዬ?»

«እግዜር ይመስገን። እርስዎስ?» አለች። ስለዚያ ወረቀት ይጠይቁኛል ብላ ጠበቀች። ወረቀቱን አላቃጠለችውም፤ ቤቷ ከሣጥኗ ሥር አለ። ቢጠይቋት ልትሰጥ፣ ሁሉንም ልትናዘዝ ሰባት ወር ሙሉ ቃሉን ስታዘጋጅ ነው የከረመችው።

እሳቸው ግን አልጠየቁም። ወደ በሩ ዘወር ብለው ማንም አለመኖሩን አዩና ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ።

«ሸዋዬ፣ የዚያን ጊዜ ደንግጠሽ ነው፤ እኔም ብሆን እደነግጥ ነበር። እሱን ተይው። አንድ ነገር ግን ልንገርሽ። ያን ጽሑፍ ከቁም ሳጥኑ አውጥቶ ለአካሉ የሰጠ ሰው እዚሁ እናንተ ዘንድ ነው ያለው። ማን እንደሆነ አላወቅሁም። አንቺ ደግሞ የዋህ ነሽ፣ ያሰብሽውን ትናገሪያለሽ። ተጠንቀቂ ልጄ፣ ማንንም አትመኚ።»



«እሺ መምህር» አለች፤ ዝርዝሩን ተቀብላ መኪናው ላይ ወረቀት አስገባች።