እጇን ያዙላት እንጂ

ደብረ ማርቆስ ላይ ለቅሶ ደርሶ ማንጠግቦሽን የማያውቅ ካለ እንግዳ ነው። ሙሾ አታወርድም፤ ድምፅ የላትም፣ እሷም ታውቀዋለች። የእሷ ድርሻ ሐዘንተኛዋ ፊቷን እንዳትነጭ ከኋላ ሄዳ ሁለት እጇን ጥርቅም አድርጋ መያዝ ነው። ባሏ ይስማው የሞተ ዕለት ግን የእሷን እጅ የያዘ አልነበረም። ጉንጯ ላይ ያለው ጠባሳ የዚያን ቀን ነው፤ ለጠየቃት ሁሉ ሳታፍር ትናገራለች።

ግቢዋ ውስጥ ትሕትና የምትባል የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ተከራይታለች። ልብስ ስታጥብ እንኳ እጅጌዋን አትሰበስብም። «ምን ያለችው ጨዋ ናት!» ትል ነበር ማንጠግቦሽ። ምን ታድርግ፣ አልገባትም።

አንድ ቅዳሜ ከሰዓት ትሕትና «እትዬ፣ የሠራሁትን ፊልም መጥተው ይዩልኝ» አለቻት። ማንጠግቦሽ ነጠላዋን አጣፍታ ወደ ዩኒቨርሲቲው አዳራሽ ሄደች። እንዴት ያለ ፊልም ነው! ንግግር የለው፣ ታሪክ የለው። ነጭ እጅጌ፣ የሚንጠባጠብ ውሃ፣ ደግሞ እጅጌው። ወደ መጨረሻው ግድም እጅጌው ተሰበሰበ፤ ክንዱ ጠባሳ በጠባሳ ነው።

ከፊቷ የተቀመጡት ተማሪዎች «ሜካፑ ጉድ ነው!» ተባባሉ። ሜካፕ! ማንጠግቦሽ ጠባሳ ታውቃለች። አንጓው ላይ ማርያም የሳመቻትን ምልክትም አወቀችው፤ ትሕትና የግቢውን ቁልፍ ስትቀበላት ሁልጊዜ የምታየው ነው። ብድግ አለች።

«ኧረ በማርያም! ማን ሞቶባት ነው? እጇን ያዙላት እንጂ!»

አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። አንዱ «ማዘር፣ ፊልም እኮ ነው» አላት። እፍረት ፊቷን አቃጠላት። ዞር ብላ ትሕትናን ፈለገቻት፤ ግድግዳ ተደግፋ ቆማለች፣ አትስቅም።

ማንጠግቦሽ ወንበሮቹን እየገፋች ሄዳ ሁለት እጇን ያዘቻት።

«እትዬ፣ ማንም አልሞተብኝም» አለች ትሕትና በቀስታ።

«ታዲያ ምን ሆነሽ ነው ልጄ?»

«አላውቅም።»

ለቅሶ ቤት ቢሆን የሟቹን ስም ጠርቶ ማልቀስ ነበር፤ እዚህ የሚጠራ ስም የለም። ዓመት ሙሉ በአንድ ግቢ እየኖረች አለማየቷ አንገበገባት።

«ሰኞ ጠዋት አብረን ሐኪም ቤት እንሄዳለን» አለቻት። «እስከዚያ እኔ ቤት ነው የምታድሪው።»

ፊልሙ አለቀ፣ መብራት በራ። ጭብጨባው ቀለጠ፤ ዳይሬክተሯ ወደ መድረክ ትውጣ ተባለ።

«እትዬ፣ ይልቀቁኝ፤ እየጠሩኝ ነው።»

«ይጥሩሻ!» አለች ማንጠግቦሽ።

ደግመው ጠሯት። ትሕትና እጇን አልነጠቀችም።