አታርፌ በእናቷ ወንበር

ሰፈሩ አታርፌ ይላታል። ልብስ ሰፊ ሆና ሠላሳ ዓመት አንድ ወንበር ላይ ለኖረች ሴት የማይሆን ስም ይመስላል፤ ግን ሁለት ስፌት ሰፍታ ትነሳለች፣ መጋረጃውን ገልጣ ጓዳውን ታያለች፣ በሩ ላይ ቆማ መንገዱን ታያለች፣ ተመልሳ ትቀመጣለች። የደንበኛ ሱሪ በስፒል እየያዘች ሳለ የሌላ ሰው ጃኬት ትዝ ካላት ጥላው ትሄዳለች። ሰውየው አንድ እግሩ ተጠቅልሎ እንደ ቆመ ይቀራል።

የምትረጋው አንድ ቦታ ብቻ ነበር፤ ወንበር ለዋጮች የሚባሉት የእምነት ጓደኞቿ አዳራሽ። ትምህርቱን የጀመረችው ጀልባ ቀዛፊ ነበረች ይባላል። የወዲህ ማዶና የወዲያ ማዶ ሰዎችን ስታመላልስ፣ አንዱ ስለ ሌላው የሚያወራው ሁሉ ውሸት መሆኑን ታዘበች። ከዚያ ወዲህ ሁለት ሰው ሲጣላ ወንበር ይለዋወጣል። አንተ በባላጋራህ ወንበር ተቀምጠህ፣ «እኔ» እያልክ የእሱን ነገር ትናገርለታለህ። ካልገባህ ባላጋራህ «ገና ነህ» ይልሃል። ልቡን ካገኘኸው «ሆነሃል» ይልሃል። ስለ ራስ መናገር ግን በእነሱ ዘንድ ነውር ነው፤ ራሱን የሚያስረዳ ሰው፣ የሚያስብለት አጥቷል ማለት ነው። ሌላው ሰፈርተኛ «ወንበር ለዋጭ ባልና ሚስት ሲጣሉ አትገላግል፤ የቱ ባል የቱ ሚስት እንደሆነ ይጠፋሃል» እያለ ይስቅባቸዋል።

አታርፌ በዚህ አቻ አልነበራትም። በአጥር የተጣላትን ጎረቤቷን አንድ ጊዜ ሆናለት ሰውየው እንባውን መቆጣጠር አቅቶት ነበር። ሰው መሆን ታውቅበታለች ይባል ነበር፤ እሷም ይህን ሲሏት ደስ ይላት ነበር።

የራሷ ጠብ የመጣው በታናሽ ወንድሟ ነው። የጭነት መኪና ሹፌር ነው፤ የግማሽ ቀን መንገድ ርቆ፣ ከዳገቱ ላይ ካለች ደረቅ ከተማ ይኖራል። እናታቸው ደግሞ ከስፌት ቤቱ ጀርባ፣ እርጥበት በበላው ክፍል ከእሷ ጋር ይኖራሉ። ሳል ከያዛቸው ሁለት ክረምት አልፏል።

«እታለም፣ እማን ልውሰዳት» አላት አንድ ቀን። «ይሄ ግድግዳ እያለቀሰ ነው።»

«ግድግዳው ያልቅስ፤ አንተን ምን አስለቀሰህ? ስድስት ወር ጠፍተህ ዛሬ እናት ትዝ አለችህ?»

«መንገድ ላይ ነኛ! ሹፌር ምን ያድርግ?»

«መኪናህን ይንዳ። እናቴን ይተዋት።»

አዳራሽ ሄዱ፤ ነገሩ ዘጠኝ ቀን ወሰደ። እሷ ገና ሳትጨርስ «ሆነሻል» አላት። እሱ ግን ሦስት ጊዜ ሞክሮ ነው «ሆነሃል» የተባለው። አድማጭ የሚባለው የአዳራሹ ዳኛ ፍርድ ሊሰጥ ጉሮሮውን ሲጠርግ፣ ከኋላ አግዳሚ ላይ እናትየው አሳላቸው፤ ከዚያም

«የእኔ ወንበር የታለ?» አሉ።

ዘጠኝ ቀን ሙሉ እህትና ወንድም አንዳቸው ሌላውን መሆን ሲለማመዱ፣ የሚሄዱትን ወይም የሚቀሩትን ሴትዮ መሆን ለማንም ትዝ አላለውም ነበር። ወንበር ለዋጭ ያልሆነ ሰው ቢሆን እኮ መጀመሪያ እሳቸውን ይጠይቅ ነበር። አድማጩ አፍሮ፣ ከሁለቱ አንዳቸው እናታቸውን እስኪሆኑ ድረስ ባሉበት ይቆዩ ብሎ ወሰነ።

እንግዲህ በየእሑዱ ወንድምየው እየመጣ፣ ጓዳ ውስጥ ካልጋው አጠገብ ባለችው የእናትየው ወንበር ላይ ተራ በተራ ይቀመጡ ጀመር።

አታርፌ የእናቷ ልብ በሁለተኛው እሑድ ገብቷታል። እናቷ አፋቸውን ትራስ ውስጥ ቀብረው እንደሚያስሉ አይታለች፤ ልጃቸው ሰምታ የስፌት ማሽኑን እንዳታቆም ነው። ማወቋን ግን ዋጥ አደረገችው። ወንበሩ ላይ ትቀመጥና «እኔ የማሽኑን ድምፅ ለምጃለሁ፣ ሌላ ቤት እንቅልፍ አይወስደኝም» ትላለች።

«ገና ነሽ» ይሏታል እናቷ፣ ትክ ብለው አይተዋት።

«ጎረቤቶቼን እወዳለሁ።»

«ጎረቤቶቼን? ገና ነሽ።»

ሰፈሩ «አታርፌ ምን ነካት? አፏ ዶለዶመ እንዴ?» አለ። ሥራዋም ተበላሸ። የግራውን እጅጌ በቀኝ ሰፍታ ሁለት ጊዜ ተረተረች። ካውያውን ረስታ የሰው ሸሚዝ አቃጠለች። ትነሳለች፣ መጋረጃውን ትገልጣለች፣ ትዘጋለች።

ወንድሟ ግን ከልቡ ይሞክር ነበር። በሰባተኛው እሑድ ቆቡን አውልቆ ጭኑ ላይ አስቀመጠና፣ ወለሉን እያየ፣

«እኔ…» አለ። «እኔ የምነቃው ሲንኳኳ ሳይሆን ሲቆም ነው። ማሽኑ ሲቆም።»

እናትየው ቀና አሉ። «ቀርበሃል።»

«ሲቆም… ልጄ እያዳመጠችኝ ነው ማለት ነው። ስለዚህ…»

«ተነስ ከዚያ!» አለች አታርፌ።

«አልጨረስኩም እኮ፣ እታለም!»

«አትጨርሰውም። አንተ የምታውቀው ነዳጅ ነው፤ ተነስ!»

ክንዱን ይዛ አስነስታ ራሷ ተቀመጠች። አልተንቀሳቀሰችም።

«እኔ መሄድ እፈልጋለሁ» አለች። «ደረቅ አየር እፈልጋለሁ። ከዚያ በላይ ግን ልጄ ሳሌን ስትቆጥር መስማት ሰልችቶኛል። ያሳደግኋት ዘበኛ እንድትሆነኝ አይደለም። ልሂድ ብላት የጠላኋት ይመስላታል፤ ልቅር ብላት ሁለታችንም ሳንተኛ እናረጃለን። ዝም ያልኩት እሷ እስክትለው ነው።»

እናትየው ዓይናቸውን ጨፈኑ።

«ሆነሻል» አሉ።

አታርፌ አፏን በእጇ ከደነች። ግን ዘግይታ ነበር፤ ቃሉ ወጥቷል።

ሰፈሩ ይህን ሲያወራ «ለእናቷ ስትል ጨክና ተናገረችው» ይላል። ይህን ልጽፍ ብዬ እሷን ስጠይቃት ግን ክሩን በጥርሷ በጥሳ «ምን ጭካኔ አለው? ወንድሜ ሊቀድመኝ ነው ብዬ ነው እንጂ» አለችኝ። እንዲህ ብሎ መጻፍ እሷን ማሳነስ ይሆን ብዬ ፈርቼ ነበር። «እንዳልኩሽ ጻፊው» አለች።

በዚያ እሑድ ማግስት ወንድምየው መኪናውን በሩ ላይ አቆመ። አታርፌ «እማ፣ ጓዝሽን ልሰብስብ» ብላ ጓዳ ገባች።

«ከአልጋው ሥር አለ» አሉ እናቷ። «ከሰበሰብኩት ሦስት ወር ሆኖታል።»

ጎትታ አወጣችው። በአሮጌ አንሶላ የተጠቀለለ፣ ቋጠሮው ጠብቆ የታሰረ ጓዝ ነው። ትንሽ ቆማ አየችው። ከዚያ በጥርሷ ፈታችው።

«ምን ልትሆኚ ነው ደግሞ?»

«አስተጣጠፍሽ አያምርም» አለች። ውጭ የመኪናው ጡሩምባ ሁለት ጊዜ ጮኸ። እሷ አልጋው ላይ ቁጭ ብላ ሹራቡን፣ ሻሹን፣ የሌሊት ልብሱን፣ ካልሲዎቹን ሳይቀር አንድ በአንድ ዘርግታ እንደገና ታጥፍ ጀመር።