ፉጨት የተባለችው ንግሥት

ዛሬ ትንሽ ትልቁ «ፉጨት» ብሎ ነው የሚጠራት። ድሮ ግን ንግሥት ነበረች። አሥራ ስድስት ዓመት በአንድ ቴአትር ቤት መድረክ ላይ፣ የተገደለ ንጉሥ ሚስት፣ ልጇን የቀበረች እናት፣ መርዝ የምትጠጣ እመቤት ሆና ስትጫወት ተመልካቹ መሐረቡን ይዞ ነበር የሚመጣው። ድምጿን ዝቅ ስታደርግ እንኳ መጨረሻ ወንበር ላይ የተቀመጠውን ሰው ፀጉር ታቆም ነበር።

ንጉሡን የሚጫወተው ባሏ ነው። እጁ የማያርፍ ሰው መሆኑን ያወቀችው ከተጋቡ በኋላ ነበር። የቤቱን ጠብ ይዞ መድረክ ይወጣል፤ ድርሰቱ «ይገፈትራታል» ካለ ከግድግዳ ያላትማታል፣ «ያንቃታል» ካለ የምሩን ያንቃታል። ሕዝቡ ትወና መስሎት ያጨበጭብለታል። እሷም ገመናዬ አይውጣ ብላ፣ የበለዘ አንገቷን በቀለም እያስሸፈነች ሆድ ይፍጀው አለች። ይህን የተዋንያኑን ፊት የምትቀባው ሴትዮ ብቻ ነበረች የምታውቀው።

አንድ እሑድ ጠዋት ከአንድ ተዋናይ ጋር ለምን ሳቅሽ ብሎ ሲነታረካት አረፈደ። ከሰዓት በኋላ መድረክ ሲወጣ የካርቶኑን ጋሻ ትቶ የብረቱን ይዞ ወጣ። በዚያው አፏን መታት። ሁለት የፊት ጥርሶቿ ወለሉ ላይ ተንከባለሉ፤ ነጩ ቀሚሷ በደም ራሰ። እሷ ግን ንግግሯ ገና አላለቀምና ተነሥታ ቀጠለች። ያን ጊዜ «ስ» ባለች ቁጥር በጥርሶቿ ክፍተት ፉጨት ይወጣ ጀመር። ልጇን ስትቀብር የምትናገረውን ስትጀምር አዳራሹ በሳቅ ተናጋ።

የቴአትር ቤቱ አዘጋጅ፣ ለምታፏጭ ንግሥት የሚያለቅስ የለም ብሎ አሰናበታት። ባሏ በሥራው ላይ ቀረ። ያን ዕለት ከተመልካቹ መካከል የነበረ የቴሌቪዥን አስቂኝ ድራማ ሠሪ ግን አስጠርቶ፣ ከመንደሩ ሁሉ ጋር የምትጣላ ጎረቤት አድርጎ አጫወታት። በሦስተኛው ሳምንት አገር ምድሩ ፉጨት አላት። ታላቅ እህቷ በዚህ አንጀቷ አርሮ ስታለቅስ፣ «ተይ እቴ፣ ጥርስ ባዳ ነው ሲባል አልሰማሽም? ይኸው የኔ ባዳነቱን አውቆ ጥሎኝ ሄደ» አለቻት።

የእሷ ስም ሲገን የባሏ አዳራሽ ባዶ እየሆነ መጣ። ያን ብስጭት የሚወጣው በእሷ ላይ ነው። አንድ ቀን የጎን አጥንቷን በርግጫ ሰበረው፤ ሌላ ቀን የጋለ ካውያ ትከሻዋ ላይ ለጠፈባት። ልብሷን በፌስታል ጠቅልላ እህቷ ቤት ገባች።

በወሩ ሁለት መቶ ሰው ፊት ቀረጻ ላይ ነበረች። በድራማው ከዳቦ ሻጩ ጋር ስትጨቃጨቅ የመድረኩ በር ተበርግዶ ባሏ ገባ። ሕዝቡ ንጉሡን ሲያይ ለቀልድ የተጋበዘ መስሎት በጭብጨባ ተቀበለው። ፀጉሯን ጨምድዶ ግንባሯን ከዳቦ ሻጩ ጠረጴዛ ጋር አጋጨው። ሳቁ። ሆዷን ረገጣት። አሁንም ሳቁ። «ሰዎች፣ የምሩን ነው፣ ሊገድለኝ ነው» ስትል ፉጨቱ ወጣና ጭራሽ አዳራሹ ፈነዳ።

አንገቷን አነቀ። ዓይኗ ሲጨልም እጇ ጠረጴዛው ላይ ሲዳብስ የሚዛኑን ብረት አገኘ። በመጀመሪያው ምት ጆሮው ተተለተለ፤ ለቀቃት። በሁለተኛው የእጁ አንጓ ተሰበረ። ሦስተኛው ጉንጩ ላይ ሲያርፍ ደሙ ፊት የተቀመጡት ሴትዮ ጫማ ላይ ተፈናጠቀ። ሳቁ ከፊት ወንበር ጀምሮ ወደ ኋላ እየጠፋ ሄደ። ከቴአትር ቤቱ ተከትላት የመጣችው ፊት ቀቢ ሮጣ መጥታ ላይዋ ላይ ተደፋች፤ ካሜራማኑም መቅረጫውን ሳያጠፋ ዘሎ ባሏን ያዘው።

ድራማ ሠሪው ቀረጻው ቢተላለፍ አገር ያያል ብሎ ሊለማመጣት ሞከረ፤ እሷ ግን የሚታየው ፍርድ ቤት ብቻ ነው አለች። እዚያም ታየ። የባሏ ጠበቃ፣ ሰውዬው ከለቀቃት በኋላ ሁለት ጊዜ መትታዋለች ሲል፣ ዳኛው ለምን እንደሆነ ጠየቋት።

«የመጀመሪያው እንዲለቀኝ ነው» አለች። «ሁለቱን ግን አልዋሽም ጌታዬ፤ ደስ ብሎኝ ነው።»

እሱ ስድስት ዓመት ተፈረደበት፤ እሷ አንድ ዓመት በገደብ። እህቷ በዚያ ቃሏ ስትቆጣት፣ ዕድሜዬን ሙሉ ሰው የጻፈልኝን ስናገር ኖሬ አንድ ቀን የራሴን ብናገር ምን አለበት አለቻት።

ከዚያ በኋላ ዘጠኝ ዓመት አስቃለች። አሁንም ሳታስበው አንድ ተዋናይ ክንዱን ከፍ ካደረገ ጠረጴዛ ሥር ትገባለች። ሠራተኞቹ ለምደውታል፤ ማንም አይስቅም። ጥቂት ቆይታ ትወጣና ቀሚሷን አራግፋ፣ «ከየት ነበር ያቆምነው?» ትላለች።