በሰናይት መልክ የቀናሁበት ዘመን

የጌታ ሰላም ይብዛላችሁ ቅዱሳን። ዛሬ የቆምኩት እግዚአብሔር ከቅናት እንዴት እንዳወጣኝ ልነግራችሁ ነው። ስሙ ይባረክ።

ቅድመ አያቴ በገንዘብ የተገዛች ሴት ነበረች። ቤታችን ውስጥ ይህ አይነሳም። እናቴ ሰው ፊት ቀና እንዳልል አድርጋ ነው ያሳደገችኝ። ታጭቼ ሳለሁ የእጮኛዬ ቤተሰቦች አጥንቴን አስጠይቀው «ባሪያ ናት» ብለው ጋብቻውን ተዉት። ያንን ሸሽቼ ቤይሩት መጣሁ። ሺያህ ሰፈር የተቀጠርኩበት ቤት የማዳሜ እናት «አብደ» ይሉኝ ነበር፤ ስም መስሎኝ አቤት እላለሁ። በኋላ በረኛው ትርጉሙ «ባሪያ» እንደሆነ ነገረኝ። ያኒ፣ ማለቴ ያው ቃል ባሕር ተሻግሮ ቀድሞኝ ደርሷል።

ከዚያ ቤት ወጥቼ ከሰናይት ጋር ክፍል ተከራየን። ታውቋታላችሁ፣ ያቻት ከኋላ የተቀመጠችው። ቀይ ናት፣ ጸጉሯ ጀርባዋ ላይ ይወርዳል። አብረን ለጽዳት ስንሄድ እሷን ሳሎን ያስገቧታል፣ እኔን ደረጃ ያሳጥቡኛል። «አንቺስ ሐበሻም አትመስዪ» ሲሏት ፈገግ ትላለች። ያንን ፈገግታ ጠላሁት። ስትስቅ ያመኛል፣ ስትታመም ደስ ይለኛል። እውነቴን ነው፣ ጌታ ፊት ምን እደብቃለሁ?

አንድ ቀን አንዲት ማዳም ሰናይትን ቀጥራ የመኖሪያ ወረቀት ልታወጣላት ቤታችን ድረስ መጣች። ሰናይት የለችም። እኔ «ሳንባዋን ታማለች፣ ደም ትተፋለች» አልኳት። ማዳሟ በዚያው ቀረች። ከሁለት ወር በኋላ የሰናይት አባት ሞቱ። ወረቀት ስለሌላት ሄዳ መመለስ አትችልም፤ ወለል ላይ ተቀምጣ አለቀሰች። እንባዋን የጠረግኩት እኔ ነኝ።

ከዚያ ወዲህ እህል አልወርድልኝ አለ። ሐኪሙ መርምሮ ምንም የለብሽም አለኝ። ሰናይት ራሷ ይጸልዩልሽ ብላ ወደዚህ ኅብረት አመጣችኝ። ሃሌሉያ! ስትጸልዩልኝ እግሯ ላይ ወድቄ ከቅድመ አያቴ ጀምሬ ሁሉን ነገርኳት።

«አባቴን ሳልቀብር አስቀረሽኝ» አለችና ዕቃዋን ይዛ ዳሒዬ ሰፈር ጓደኛዋ ጋር ገባች። ሦስት ሳምንት አላየኋትም።

አንድ እሁድ ግን መጥታ አጠገቤ ተቀመጠች።

«ይቅር ብዬሻለሁ ለማለት ገና አልቻልኩም። ግን እኔም የምናዘዘው አለኝ። እኛ ቤት እንደ ቅድመ አያትሽ ያለች ሴት ነበረች። እየቀለድንባት ነው ያደግነው። ስሟን እንኳ አላውቅም» አለች። ቀጥላም የእኔ ቅድመ አያት ማን እንደምትባል ጠየቀችኝ።

እኔም አላውቅም ነበር። በማግስቱ ስልክ ቤት ሄጄ እናቴን ጠየቅኋት። «ጫልቱ» አለችኝ። እናቴ ስታለቅስ ስሰማ የመጀመሪያዬ ነው። ክብር ለእርሱ ይሁን።

ወገኖቼ፣ ቅናቱ ኸላስ፣ ጨርሶ ጠፋ አልላችሁም። ባለፈው ሳምንት ሰናይት ማር ሚካኤል ሰፈር ጥሩ ሥራ ስታገኝ ልቤን ወጋኝ። አሁን ግን ሲወጋኝ እነግራታለሁ፣ አብረን እንጸልያለን። እህሉም ይወርድልኛል፤ ጌታ ይመስገን።

ከናንተ መካከል ቤቱ ውስጥ የማይነሳ ነገር ያለው ካለ፣ ወደ ኢየሱስ ያምጣው። ተሸክሜው ስመጣ ፊቱን አላዞረብኝም፤ ከናንተም አያዞርም።